ዋርደን መጣ!

አንባቢዬ ሆይ፤ ሰው ስሙን ከወላጆቹ ያገኛል፤ ቅጽል ስሙን ግን የሚያወጡለት ከጀርባው ያሉ ሰዎች ናቸው፤ ስለዚህም ከሁሉ በኋላ የሚሰማው ባለቤቱ ነው። በሐርቡ ከተማ ፊዚክስ ማስተማር ከጀመርኩ እነሆ ሁለተኛ ዓመቴን ይዣለሁ። በዚህ ሁሉ ጊዜ ተማሪዎቼ «ቲቸር» ከሚሉኝ በቀር ሌላ መጠሪያ እንዳለኝ ከቶ አልጠረጠርኩም ነበር። ባለፈው ኅዳር አንድ ቀን ጧት ወደ ዘጠነኛ ክፍል ሳመራ፥ ከበሩ ሦስት እርምጃ ያህል ሲቀረኝ፥ ከውስጥ አንድ ቀጭን ድምፅ «ዋርደን መጣ!» ሲል ሰማሁ። ወዲያው ክፍሉ ጸጥ አለ። እንዴት ያለ ጸጥታ መሰልዎ! ስልሳ ልጅ በታጨቀበት ክፍል የዝንብ ክንፍ ይሰማ ነበር።

ቃሉን አውቀዋለሁ። በዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሳለሁ ስገላልጠው የኖርኩት የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት «ጠባቂ፥ የወህኒ ቤት አዛዥ» በማለት ይፈታዋል። የወህኒ አዛዥ መባል ለጀማሪ መምህር ስድብም ነው፥ ሹመትም ነው። እውነቱን ልናገርና፥ ግማሽ ልቤ ደስ ብሎት ነበር። ዕድሜው ከተማሪዎቹ ብዙ የማይርቅ፥ ጢሙም ገና በቅጡ ያልጠና መምህር ክፍሉን ጸጥ ማሰኘት ከቻለ ሌላው ነገር ሁሉ በራሱ ጊዜ ይመጣል ብዬ አምን ነበርና። ድምፅ በሰማሁ ቁጥር ከሰሌዳው ዞር ብዬ ጠረጴዛውን በማስመሪያ እመታለሁ፤ የድምፁን ባለቤት አስወጣለሁ፤ ሦስት ጊዜ የወጣ ልጅ በአራተኛው ወላጁን ይዞ ካልመጣ በሩን አያልፍም። ይህን ሕግ በመስከረም ወር በትልልቅ ፊደል ሰሌዳ ላይ ጽፌ አስነብቤያለሁ። እርስዎም የመንግሥት ሠራተኛ ከሆኑ እንዲህ ያለ ሕግ የሚጽፍ አለቃ ሳይኖርዎ አይቀርም።

አሁን የማወራልዎ ልጅ ከኋላ፥ ከመስኮቱ ሥር የሚቀመጥ ነው። ስሙን አልጠራም። ቤተሰቦቹ ከከተማው ራቅ ብሎ ካለ ገጠር ይኖራሉ፤ እሱ ግን እንደ ብዙዎቹ የገጠር ልጆች ከሁለት ጓደኞቹ ጋር አንዲት ክፍል ተከራይቶ፥ እሑድ እሑድ ስንቁን በጆንያ ተሸክሞ እየመጣ ይማራል። በክፍል ውስጥ ድምፁን ሰምቼው አላውቅም። ስጠይቀው ቆሞ ዝም ይላል፤ ስቆጣው ዝም ይላል፤ ልጆቹ ሲስቁበትም ዝም ይላል። እኔም ዝምታውን ድንቁርና ነው ብዬ ፈርጄበት ነበር። አንድ ጊዜ ስላንቀላፋ፥ አንድ ጊዜ የቤት ሥራ ስላልሠራ አስወጥቼዋለሁ። ለሦስተኛ ጊዜ የያዝኩት ደግሞ ስልኩን በሹራቡ ጠቅልሎ ከጠረጴዛው ሥር ሲነካካ ነው።

ስልኩን ቀማሁት። በመስተዋቱ ላይ የሚታየው ጨለማ ነው፤ በጨለማው ውስጥ እዚህም እዚያም ሰማያዊ ነገር ብልጭ ድርግም ይላል፤ ራቅ ብሎ አንድ ግዙፍ ፍጡር ጀርባውን ሰጥቶ ቆሟል። ስልኩን ወዲያና ወዲህ ሳገላብጠው ያ አፉን ከፍቶ የማያውቅ ልጅ በሹክሹክታ «ቲቸር፥ እባክዎ አይንቀሳቀሱ፤ ይሰማናል!» አለኝ። ክፍሉ በሙሉ ሳቁን ዋጠ። የእኔ አውራ ጣት ግን መስተዋቱን ነክቶት ኖሮ ግዙፉ ፍጡር ዞር አለ። ቀጥሎ የሆነውን በቅጡ አላየሁትም፤ መስተዋቱ ቀልቶ «ሞተሃል» የሚል የእንግሊዝኛ ጽሑፍ መጣ። ልጁ ዓይኑን ጨፈነ። በኋላ እንደተረዳሁት ሦስት ሳምንት ለፍቶ ያጠራቀመውን ንብረት ሁሉ በአንድ አውራ ጣት ነበር ያጠፋሁበት።

ከሰዓት በኋላ ስልኩን ሊወስድ ወደ መምህራን ማረፊያ ሲመጣ «የዚያ ፍጡር ስሙ ማነው?» አልኩት። መሬት መሬቱን እያየ «ዋርደን» አለኝ።

እንግዲህ የወህኒ አዛዥነቴ ቀርቶ ከምድር በታች ዋሻ ውስጥ የሚኖር አውሬ ሆኜ ተገኘሁ ማለት ነው። ሌላ መምህር ቢሆን ይቆጣ ነበር፤ እኔን ግን የያዘኝ የማወቅ ጉጉት ነው። የጠፋበትን ንብረት ደግሞ መካስ ነበረብኝ። «ቅዳሜ ቤት ና፤ ይህን አውሬ ታስረዳኛለህ» አልኩት። በዓይኑ ውስጥ ያየሁት ፍርሃት ቅጣት የተጠራ ሰው ፍርሃት ነበር። ቢሆንም መጣ።

የማይንክራፍትን ጨዋታ የሚያውቁ አንባቢ ከሆኑ የሚቀጥለውን አንቀጽ ይለፉት። ለማያውቁት ግን ነገሩ እንዲህ ነው። ማርኩስ ፔርሾን የተባለ ስዊድናዊ ጨዋታውን እ.ኤ.አ. በ2009 ለሕዝብ አቀረበው፤ በ2014 ማይክሮሶፍት አዘጋጁን ሞጃንግን በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ገዛው፤ በ2023 ደግሞ ከ300 ሚሊዮን ቅጂ በላይ መሸጡ ተነገረ። ዓለሙ በሙሉ ባለ አንድ ሜትር ጡቦች የተደረደሩበት ነው፤ ተራራው ጡብ፥ ዛፉ ጡብ፥ ላሙም የጡብ ዘመድ ነው። «ይህን አድርግ» የሚል አዛዥ የለበትም። አሸዋ ላይ እንደ ተለቀቀ ሕፃን ቆፍሮ፥ ክቦ፥ አፍርሶ እንደ ገና መሥራት ነው። ቀንና ሌሊቱ ተደምሮ 20 ደቂቃ ይፈጃል፤ ሲጨልም ግን የሚያጠቁ ፍጡራን ይወጣሉ። ኢንተርኔት ሳይኖርም ይሠራል። በ2015 ዓ.ም. ሐምሌ መጨረሻ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ ሌላው ጨዋታ ሁሉ ሞቶ ይህ አንዱ መትረፉን ልጁ ሲነግረኝ በኩራት ነበር፤ ራሱ የሠራው ይመስል።

አከራዬ ቡና አፍልተው ጠበቁን። ሰባ ዓመት ያለፋቸው እናት ናቸው፤ በአካባቢው ሁሉ «እማማ» ነው የሚባሉት። ረከቦቱን ከፊታቸው አድርገው፥ ዕጣኑን አጭሰው፥ ከስልኩ ይልቅ የልጁን ፊት እያዩ ይሰማሉ። አቦሉ እስኪጠጣ ድረስ ልጁ ስለ ትንንሾቹ ፍጡራን ነገረን። ድምፁ መጀመሪያ ላይ ከሲኒው ኳኳታ በታች ነበር። ክሪፐር የሚባል እጅ የሌለው አረንጓዴ ፍጡር አለ፤ ከኋላ በኩል ድምፁን አጥፍቶ መጥቶ አንድ ሰኮንድ ተኩል ያህል እንደ እባብ ይፋጭና ይፈነዳል። አፈጣጠሩም በስሕተት ነው፤ ፔርሾን አሳማ ሊሠራ ሲል የቁመቱንና የርዝመቱን ልክ አቀያይሮ ያ ወጣበት። ፍንዳታውን የማይፈራ ይህ ጉድ ድመት ካየ ይሸሻል። ኤንደርማን የሚባል ረዥም ጥቁር ደግሞ አለ፤ ፊቱን ትክ ብለው ካላዩት አይነካዎትም፤ ካዩት ግን ይነሣብዎታል። መላው ፊት የተቀረጸበት ዱባ ራስ ላይ ማጥለቅ ነው። እማማ በዱባው ሳቁ። «ዓይን መፍራቱስ ደግ ነው፤ የሰው ዓይን ምን የማያደርገው አለ» አሉና ሲኒውን አጠቡ።

ቶናው ላይ ወደ ዋርደን ገባን።

ዋርደን እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2020 ይመጣል ተብሎ ተነገረ፤ ዘግይቶ በሰኔ 2022 ወጣ። መኖሪያው ከሁሉ በታች፥ ጥልቁ ጨለማ በሚባለው የምድር ሆድ ነው። እዚያ የፈረሱ ጥንታዊ ከተሞች አሉ፤ በከተሞቹ ውስጥ ሀብት የሞላባቸው ሣጥኖች ተቀምጠዋል። መሬቱን ግን ስከልክ የሚባል ጥቁር ሰማያዊ ነገር እንደ ሻጋታ ወርሶታል። ከስከልኩ አንዳንዱ ጆሮ ነው፤ በ8 ሜትር ዙሪያ የሚረገጥ እግርን፥ የሚከፈት ሣጥንን፥ የሚቀመጥ ጡብን ንዝረት ይይዛል። ሌላው ደግሞ ጯሂ ነው፤ ጆሮው የሰማውን ተቀብሎ ይጮኻል። አንደኛው ጩኸት ማስጠንቀቂያ ነው፤ ሁለተኛውም ማስጠንቀቂያ ነው፤ ሦስተኛውም እንደዚያው። በአራተኛው መሬቱ ይሰነጠቅና ዋርደን ከውስጡ እየቆፈረ ይወጣል።

አራት የሚለውን ሲናገር ቀና ብሎ አላየኝም።

ዋርደን ዕውር ነው። ይህ ነው ከሌሎቹ የሚለየው። ዓይን ስለሌለው መደበቅ አይጠቅምም፤ ፋኖስ ማጥፋትም አይጠቅምም። እስከ 16 ሜትር ድረስ ንዝረት ይሰማል፤ ዝም ካሉት ደግሞ ያሸታል። በደረቱ ውስጥ ልቡ ይታያል፤ ቁጣው በጨመረ ቁጥር አመታቱ ይፈጥናል። የተጫዋቹ ሕይወት በ20 ነጥብ ሲለካ የእሱ 500 ነው፤ ጥሩር ያልለበሰ ሰው በአንድ ጥፊ ያልቃል። ሸሽተው ግንብ ላይ ቢወጡ ወይም ከግድግዳ ጀርባ ቢሰወሩ ከደረቱ የድምፅ ጦር ይወረውራል፤ ያ ጦር ግድግዳ አያግደውም፤ ጋሻም አይመልሰውም።

እማማ እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ። «ይኼማ ዕውር ጅብ ነው» አሉ።

እዚህ ላይ ከጨዋታው ወጣ ልበልና ስለ ጅብ አንድ ነገር ላንሣ፤ እማማ ያነሡት በከንቱ አይደለምና። አገራችን ከጅብ ጋር መኖርን የተማረችው ጠባዩን በማጥናት ነው። የሐረር ሰዎች በግንባቸው ሥር ለጅብ መግቢያ የሚሆን ቀዳዳ ትተዋል፤ ሌሊት ገብቶ የቆሻሻውን አጥንት ለቅሞ ይወጣል፤ ማታ ማታ ሥጋ በእንጨት ላይ አድርገው የሚያጎርሱትም አሉ። ከዚህ ይልቅ እኔን ያስደነቀኝ ግን በትግራይ የተደረገና እ.ኤ.አ. በ2012 የታተመ አንድ ጥናት ነው። አጥኚዎቹ የጅብ እዳሪ እየሰበሰቡ በውስጡ የሚገኘውን ጠጉር መረመሩ። በዐቢይ ጾም ጊዜ እርዱ ቀርቶ የሥጋ ትራፊ ሲጠፋ ጅቦቹ ወደ አህያ እንደሚዞሩ ከጠጉሩ አወቁ፤ ጾሙ ሲፈታ ደግሞ ወደ ትራፊው ይመለሳሉ። ይህን ያወቀ ባላገር አህያውን የትኛው ወር ላይ አጥብቆ እንደሚያስገባ ማን ይነግረዋል? እማማ ጥናቱን ሳያነቡ «በጾም አህያ አይታደርም» ብለው ጨረሱት።

ወደ ዋርደኑ ልመለስ። «ታዲያ እንዴት ይገደላል?» አልኩት ልጁን። በሕይወቴ ያን ያህል የሞኝ ጥያቄ የጠየቅሁ አይመስለኝም፤ አስተያየቱ እንደዚያ ነበር። «ቲቸር፥ ለምን ይገደላል? ቢገድሉትም የሚረባ ነገር አይጥልም። ሀብቱ ያለው ሣጥኑ ውስጥ ነው። ዋርደን የሚታለፍ እንጂ የሚገደል አይደለም።»

ማለፊያውንም ነገረኝ። ጎንበስ ብሎ የሚሄድ ሰው ንዝረት አያሰማም፤ ችግሩ መዘግየቱ ነው። ጎንበስ ብሎ ፈጥኖ መሄድ የሚያስችል አስማት አለ፤ የሚገኘው ግን እዚያው በጥንታዊቱ ከተማ ሣጥን ውስጥ ብቻ ነው፤ ማለትም ጥበቡን ለማግኘት አስቀድሞ ያለ ጥበቡ መግባት ያስፈልጋል። (ሥራ ለመቀጠር ልምድ፥ ልምድ ለማግኘት ሥራ የተጠየቃችሁ ወጣቶች ይህን ትረዱታላችሁ።) ሁለተኛው ሱፍ ነው። ሱፍ ላይ ቢረግጡ አይሰማም፤ በእርስዎና በጆሮው መካከል የሱፍ ጡብ ቢያኖሩ ንዝረቱ ታግዶ ይቀራል። ሦስተኛው የበረዶ ኳስ ነው። ዋርደን ሲቀርብ ኳሱን ወደ ሩቅ ይወረውሩታል፤ እሱም ከወደቀበት ድምፅ ኋላ ይሄዳል፤ እርስዎ በዚያ ጊዜ ወደ ሣጥኑ ይሄዳሉ። በመጨረሻም ትዕግሥት ነው። 60 ሰኮንድ ምንም ሳይሰማ ከቆየ ተመልሶ መሬት ይገባል።

ልጁ ይህን ሁሉ ሲናገር ሰዓቴን አየሁ፤ ከአርባ ደቂቃ በላይ ሳያቋርጥ ተናግሯል። የእኔ አንድ ክፍለ ጊዜ ነው።

እኔም የፊዚክስ መምህር ነኝና ዝም ብዬ አልቀረሁም። በዚያ ዓለም አንድ ሰኮንድ በ20 ምት ይከፈላል፤ ንዝረቱም በአንድ ምት አንድ ጡብ ያልፋል። ጡቡ አንድ ሜትር ስለሆነ ድምፅ በሰኮንድ 20 ሜትር ይጓዛል ማለት ነው። በእኛ ዓለም አየር ውስጥ ወደ 340 ሜትር ነው። «ስንት እጥፍ ይዘገያል?» ስለው ጣቱን መሬት ላይ አሽከርክሮ «17» አለ። «16 ሜትር ላይ ካለው ዋርደን ዘንድ ለመድረስስ?» «ከአንድ ሰኮንድ ያነሰ፤ ዜሮ ነጥብ ስምንት።» በሰኮንድ 20 ሜትር ማለት በሰዓት 72 ኪሎ ሜትር ነው፤ ከሐርቡ ኮምቦልቻ የሚበር ሚኒባስ ፍጥነት። እዚያ ዓለም ብትጮህ ጩኸትህን በሚኒባስ ልትቀድመው ትችላለህ ብዬ ስነግረው ሳቀ። ከሁለት ሳምንት በፊት በፍጥነት ምዕራፍ ፈተና ከ20 ያገኘው 4 ነበር፤ ወረቀቱ በዚያው ሰዓት ጠረጴዛዬ ላይ ተቀምጧል።

እስካሁን ድረስ ያልጠየቅሁትን መጠየቅ ግድ ሆነ። «እኔን ለምን ዋርደን አላችሁኝ?»

ዝም አለ። እማማ «ተናገር፥ አብሽር፥ ምን ያደርግሃል» አሉት። ተናገረ፤ እኔም ሰማሁ፤ አንባቢዬ ሆይ፥ ለእርስዎ ስነግርዎ ጆሮዬ እየጋለ ነው። እኔ የምሰማው ድምፅ ብቻ ነው አሉኝ፤ ማን እንደተናገረና ምን እንደተናገረ አላይም። የክፍሉ አለቃ የረባሽ ስም ሲጽፍ ጯሂው እሱ ነው። ከእኔ ጠረጴዛ ሦስት ረድፍ ድረስ በሹክሹክታ፥ ከዚያ ወዲያ በዝቅተኛ ድምፅ መነጋገር እንደሚቻል ለክተው ያውቃሉ። ስልካቸውን በሹራብ የሚጠቀልሉት ሲንቀጠቀጥ ጠረጴዛው እንዳይሰማ ነው፤ ሱፉ መሆኑ ነው። የበረዶ ኳሱ ግን ከሁሉ የባሰ ነው። የቤት ሥራ ያልሠሩ ቀን አንዱ እጁን አውጥቶ «ቲቸር፥ እርስዎ ኮሌጅ እያሉ የቤተ ሙከራው ነገር እንዴት ነበር?» ይለኛል፤ እኔም ከዚያ ኳስ ኋላ ደወል እስኪደወል ድረስ እሄዳለሁ። ኳሱን ማን እንደሚወረውር በየሳምንቱ ተራ አላቸው። ሁለት ዓመት ሙሉ ጠያቂ ተማሪዎች አሉኝ እያልኩ ለባልደረቦቼ ስመካ የኖርኩት ይህን ነው!

እማማ ሳቃቸውን መቆጣጠር አልቻሉም፤ እኔም ከእሳቸው ጋር ሳቅሁ፤ ምን ላድርግ።

በረካው ሲቀዳ እንዲሁ ለጨዋታ ያህል አንድ ነገር ጠየቅሁት። ጓደኞቹ ሁሉ በዋርደን ሲሞቱ እሱ ብቻ በሱፍ መንገድ እያነጠፈ ሦስት ከተሞችን መዝለቁን ነግሮኝ ነበርና፥ «ሱፍ ማንጠፉን ማን አስተማረህ?» አልኩት። ከኢንተርኔት ወይም ከጓደኛ ይላል ብዬ ነበር የጠበቅሁት።

«አክስቴ» አለኝ።

በ2014 ዓ.ም. ልጁ የ12 ዓመት ልጅ ሳለ ትምህርቱን የሚማረው ኮምቦልቻ፥ አክስቱ ቤት ተቀምጦ ነበር። ከጥቅምት መጨረሻ እስከ ኅዳር መጨረሻ ደሴና ኮምቦልቻ በትግራይ ኃይሎች እጅ የነበሩበት ጊዜ ነው። እኔ ያኔ ኮሌጅ ነበርኩ፤ ወሬውን የሰማሁት በሬዲዮ ነው። የአክስቱ ቤት ወለል ጣውላ ነበር። ከመንገዱ ዳር ስለሆነ በውጭ ማን እንደሚያልፍ አይታወቅም። አክስቱ ከቤት ውስጥ ብርድ ልብስና ጋቢ የተባለውን ሁሉ አውጥታ ከግድግዳ እስከ ግድግዳ አነጠፈችው፤ የሦስት ዓመት ልጇ ሲሮጥ እግሩ እንዳይሰማ። ሌሊት ራሷ ሳትለብስ ታድር ነበር። እሱ ደግሞ ሕፃኑን ዝም የማሰኘት ሥራ ተሰጠው። ይኸው ነው ያለኝ፤ ሌላ አልጨመረም። ሲኒውን አስቀምጦ ስልኩን ማገላበጥ ጀመረ። እማማ ከሰሉን ቆሰቆሱ፤ ሳያስፈልግ።

ቆየት ብለን ሄድ መለስ ስንል ስለ አራተኛው ሕጌ አነሣሁበት። ሰኞ ወላጅ ያመጣ እንደሆነ ጠየቅሁት። «አባቴን ከጠራሁ ከእንግዲህ አልመለስም» አለኝ። ያ ስልክ የታላቅ ወንድሙ ነው። ወንድሙ በአፋር በረሃ አድርጎ ጅቡቲ ገባ፤ ከኦቦክ በጀልባ ወደ የመን፥ ከዚያም ሳዑዲ ደረሰ፤ ለቤቱም ገንዘብ ይልካል። አባት «ትምህርቱ ካልሆነለት እሱም ይሂድ» ብለዋል። ይህ መንገድ ለወሎ ልጅ አዲስ አይደለም፤ ከየመንደሩ የሄደ አለ። በዚያው መንገድ እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2025 መጀመሪያ ላይ ከ150 በላይ ሰዎች፥ ከእነሱም አብዛኞቹ ኢትዮጵያውያን፥ የተጫኑበት ጀልባ በየመን አብየን ዳርቻ ሰጥሞ ከስድሳ የሚበልጡ ሰዎች ሞተዋል። ልጁ ይህን ያውቃል፤ እኔም አውቃለሁ፤ አባትየው ያውቁ እንደሆነ አልጠየቅሁትም።

ሌሊት እንቅልፍ አልወስድ አለኝ። ግድግዳ የማያግደውን የድምፅ ጦር አሰብኩ። እኔ ሐርቡ ክፍል ውስጥ ቆሜ «ወላጅ አምጣ!» ስል ቃሉ በስንት ግድግዳ አልፎ፥ የት ቤት ገብቶ፥ ማንን እንደሚመታ ለክቼ አላውቅም። ሌላም ነገር ትዝ አለኝ፤ ልጁ ከነገረኝ ውስጥ አንዱን በጨዋታ አሳልፌው ነበር። ተጫዋቹ ሳያስጮህ 10 ደቂቃ ከቆየ ከማስጠንቀቂያዎቹ አንዱ ይሰረዝለታል፤ ሌላ 10 ደቂቃ ቢቆይ ሌላው። የምድር ሆድ ውስጥ ያለው አውሬ እንኳ ይረሳል። የእኔ ደብተር ግን ከመስከረም እስከ ሰኔ የጻፈውን አይሰርዝም።

ተነሥቼ መብራት አበራሁና በስሙ ትይዩ ያሉትን ሦስት ጭረቶች ሰረዝኳቸው። ከዚያ ሌሎቹንም ስሞች ማየት ጀመርኩ፤ ሁለት ጭረት ያላቸው አሥራ አንድ፥ ሦስት ያላቸው አራት ነበሩ። ከአራቱ ሁለቱ ከጥቅምት ወዲህ ብቅ አላሉም። የት ሄዱ ብዬ ጠይቄ አላውቅም ነበር፤ ክፍሉ ጸጥ ብሎልኝ ነበርና። የአንደኛውን ቤት ከሰፈሩ ልጆች ጠይቄ ደርሼበታለሁ፤ በሚቀጥለው ወር ሊመለስ ተነጋግረናል። የሁለተኛዋን እኅቷን አገኘኋት፤ ልጅቷ አዲስ አበባ ሰው ቤት መቀጠሯን ነገረችኝ። ስልክ ቁጥር ሰጥታኛለች፤ እስካሁን አልተነሣም።

የልጁን ንብረት መካሱም አልቀረም። በማግሥቱ እሑድ ስንቁን አድርሶ ሲመለስ አብረን ገባን፤ እሱ ሱፍ እያነጠፈ፥ እኔ ከኋላው እየተከተልኩ። ሁለት ጊዜ አስገደልኩት። ሦስተኛው ላይ ስልኩን ከእጄ ወስዶ «እርስዎ ይመልከቱ ብቻ» አለኝ፤ አነጋገሩ ትሕትና አልጎደለውም፤ ነገር ግን መምህር ለተማሪ የሚናገረው ዓይነት ነበር።

ሰኞ ጧት ዘጠነኛ ክፍል ገባሁ። ያው ጸጥታ ጠበቀኝ። ጀርባዬን ሰጥቼ ስለ ድምፅ ሞገድ ስጽፍ ከኋላ አንድ እርሳስ ወድቆ ተንከባለለ። እጄ ወደ ማስመሪያው ሊሄድ ሲል ያዝኩት፤ አልዞርኩም። ክፍሉ ትንፋሹን ውጦ ሲጠብቅ ይሰማኛል። ስድሳ ድረስ በልቤ ቆጠርኩ፤ ስድሳ ሰኮንድ ለካ እንዴት ያለ ረዥም ነገር ነው! አርባ ላይ አንድ ልጅ አሳለ፤ ሃምሳ ላይ ሁለት ልጆች ተንሾካሾኩ፤ ሰማይ አልወደቀም።

ደወሉ ሊደወል ሩብ ሰዓት ሲቀረው አጭር ፈተና ልሰጥ አስቤ ነበር፤ ወረቀቶቹ ቦርሳዬ ውስጥ ናቸው፤ ይህንንም ሳይሰሙ አልቀሩም። በዚያን ጊዜ ከኋላ፥ ከመስኮቱ ሥር እጅ ወጣ።

«ቲቸር፥ ድምፅ በብረት ውስጥ ከአየር ይልቅ ፈጥኖ ይሄዳል ብለውናል። በሱፍ ውስጥ ግን ለምን ይጠፋል?»

ስልሳውም ልጅ ፊቴን ያያል። የበረዶ ኳስ ይሁን ጥያቄ መለየት አልቻልኩም፤ አሁንም ድረስ አልለየሁትም። ጠመኔውን አስቀምጬ ወደ እሱ ሄድኩ። ስለ ሱፍ ጠጉር፥ በመካከሉ ስለሚታሰር አየር፥ ንዝረቱ በዚያ ሲፋተግ ወደ ሙቀት ስለ መለወጡ ስናወራ ደወሉ ተደወለ፤ ፈተናው ከቦርሳዬ አልወጣም።